በአጭር ሥነ ሥርዓት የተከሰሰ ሰው የመከላከል ፈቃድ የሚጠይቅበት መንገድ

የፍርድ ቤት መጥሪያ እጅዎ ሲገባ ዓይንዎ መጀመሪያ የሚያርፈው በተጠየቁት ገንዘብ ላይ መሆኑ አይቀርም። ይሁን እንጂ ከገንዘቡ በፊት የክስ ማመልከቻውን ራስጌ ይመልከቱ። እዚያ ላይ ክሱ በአጭር ሥነ ሥርዓት የቀረበ መሆኑ ተጽፎ ከሆነ፣ እንደ ሌላው የፍትሐ ብሔር ክርክር በቀጠሮው ቀን ቀርበው መልስ የሚሰጡበት ጉዳይ አይደለም። በዚህ ሥርዓት የተከሰሰ ሰው ለመከራከር አስቀድሞ ፍርድ ቤቱን ማስፈቀድ አለበት፤ ፈቃዱን ካልጠየቀ፣ ወይም ጠይቆ ካልተሰጠው፣ ከሳሽ የጠየቀው ገንዘብ ከወለድና ከወጪ ጋር ይፈረድለታል።

ሥርዓቱ የተደነገገው በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 284 እስከ 292 ባሉት ድንጋጌዎች ነው። ሕጉ በመላ አገሪቱ የሚሠራ በመሆኑ ክሱ በአማራ ክልል ሰሜን ሸዋ ዞን ደብረ ብርሃን ቢቀርብ፣ መሐል ሜዳ፣ አረርቲ ወይም ዓለም ከተማ ቢቀርብ ተከሳሹ የሚሄድበት መንገድ አንድ ነው። በኦሮሚያ ሰሜን ሸዋ፣ በፍቼና በአካባቢው፣ ከሥራ ቋንቋው በቀር ልዩነት የለውም።

በሸዋ የሙግት ልማድ የቆየና የተከበረ ነው። በልሃ ልበልሃ ተባብሎ በችሎት ፊት አፉን የፈታ ሰው ዛሬም ይደነቃል፤ «ዳኛ ሲገኝ ተናገር፣ ውሃ ሲጎድል ተሻገር» የሚለውም አነጋገር ከዚያው ልማድ የወጣ ነው። በአጭር ሥነ ሥርዓት ግን ዳኛ ስለተገኘ ብቻ መናገር አይቻልም። የመናገሩን መብት የሚያስገኘው አስቀድሞ ተጽፎ፣ ተምሎበትና ሰነድ ተያይዞበት የገባው ወረቀት ነው። አንደበተ ርቱዕ የሆኑ ሰዎች በዚህ ሥርዓት ሲረቱ ደጋግሜ አይቻለሁ፤ ምክንያቱም በችሎት ቀን ሊያስረዱ ያሰቡት ሁሉ በቃለ መሐላቸው ውስጥ አልነበረም።

መጀመሪያ የሚመረመረው ክሱ በዚህ ሥርዓት ሊቀርብ የሚችል መሆን አለመሆኑ ነው። ቁጥር 284 የሚመለከተው ልኩ የታወቀና የመክፈያ ጊዜው የደረሰ የገንዘብ ዕዳን ብቻ ነው፤ ይኸውም በብድር ወይም በሌላ ውል፣ በቼክ፣ በተስፋ ሰነድ (ገንዘብ ለመክፈል በጽሑፍ በተገባ ቃል)፣ ወይም ልኩ ለታወቀ ዕዳ በተገባ ዋስትና ላይ የተመሠረተ ጥያቄ ነው። «ውሉን ባለመፈጸሙ ያጣሁት ትርፍ ይከፈለኝ»፣ «በሬዬን ስላቆሰለ ይካሰኝ»፣ ወይም «የጋራ ንግዳችን ሒሳብ ተጣርቶ ድርሻዬ ይሰጠኝ» የሚል ክስ ልኩ ገና በማስረጃ የሚወሰን ስለሆነ በዚህ በር አይገባም። ከሳሽ ከክሱ ጋር የራሱን ቃለ መሐላ ማያያዝ አለበት፤ በዚያም ውስጥ የክሱን ምክንያትና የገንዘቡን ልክ ማረጋገጥ፣ ተከሳሹም መከላከያ የለውም ብሎ ማመኑን መግለጽ ይጠበቅበታል። ይህ ቃለ መሐላ ከመጥሪያው ጋር ከደረሰዎት ወረቀት ውስጥ ከሌለ፣ ወይም ቢኖርም ስለገንዘቡ ልክ የሚለው ነገር ከክሱ ጋር የማይገጥም ከሆነ፣ ልብ ብለው ይያዙት፤ በማመልከቻዎ የመጀመሪያ ነጥብ ይሆናል።

ቀጥሎ የሚመጣው የቀን ጉዳይ ነው። ማመልከቻው የሚገባበት የመጨረሻ ቀን በመጥሪያው ላይ ተጽፎ ይገኛል። በዚህ ዞን ብዙ ሰው የሚረታው በማስረጃ እጦት ሳይሆን በዚህ ቀን ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም፤ ቀኑን የሚበላውም አብዛኛውን ጊዜ ሽምግልና ነው። መጥሪያው እንደደረሰ ሽማግሌ ይላካል፤ ከሳሹም «እሺ፣ በእርቅ እንጨርሰዋለን» ይላል፤ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ለመገናኘት ይቀጠራል፤ ያ እሑድ በለቅሶ ምክንያት ወደ ሚቀጥለው ይተላለፋል። በመካከሉ የመጥሪያው ቀን ያልፋል፤ መዝገቡ ግን ሽማግሌ መግባቱን ስለማያውቅ ይፈረዳል። ሽምግልናውን ማንም አይከለክልም፣ እኔም እመርጠዋለሁ። ነገር ግን እርቁ እየተካሄደ ማመልከቻው በቀኑ ይግባ። እርቁ ከተሳካ ስምምነቱ በጽሑፍ ሆኖ፣ ሁለቱም ወገኖች ፈርመውበት፣ ለዚያው መዝገብ ይቅረብ፤ ፍርድ ቤቱ ተቀብሎ ሲያጸድቀው መዝገቡ በዚያው ይዘጋል።

መጥሪያ አልቀበልም ማለትም አይጠቅምም። ከሳሽ ወይም የፍርድ ቤት መልእክተኛ መጥሪያውን ይዞ ሲመጣ በር መዝጋት ወይም «እኔ አይደለሁም» ማለት እንቢታው ተመዝግቦ መጥሪያው እንደ ደረሰ እንዲቆጠር ከማድረግ ያለፈ ፋይዳ የለውም። ይልቁንም ተቀብለው ሲፈርሙ የተቀበሉበትን ቀን በራስዎ እጅ ይጻፉበት። ምናልባት መጥሪያው የደረሰዎት ከቀጠሮው ሁለት ቀን ቀደም ብሎ ከሆነ፣ ጊዜው እንዲራዘምልዎ ለመጠየቅ ያቺ ቀን ማስረጃ ትሆናለች።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። ለፍርድ ቤቱ የሚገቡት ሁለት ወረቀቶች ናቸው፤ አንደኛው የመከላከል ፈቃድ እንዲሰጥ የሚጠይቀው ማመልከቻ፣ ሁለተኛው ማመልከቻውን የሚደግፈው ቃለ መሐላ ነው። ማመልከቻው አጭር ቢሆን አይጎዳም። ክብደቱ ያለው ቃለ መሐላው ላይ ነው። ሕጉ በቁጥር 286 ቃለ መሐላው መከላከያው የሚመለከተው የተጠየቀውን ገንዘብ በሙሉ ነው ወይስ በከፊል፣ በከፊል ከሆነም የትኛውን ክፍል እንደሆነ እንዲገልጽ ያስገድዳል። ይህን ያልያዘ ቃለ መሐላ ሌላው ይዘቱ ቢያምርም ጎደሎ ነው።

በየፍርድ ቤቱ ደጃፍ የሚቀመጡት ማመልከቻ ጸሐፊዎች የሚያውቋት አንዲት የተለመደች አጻጻፍ አለች፤ «ከሳሽ ያቀረበው ክስ ከእውነት የራቀ ስለሆነና ምንም ዓይነት ዕዳ የሌለብኝ በመሆኑ እንድከላከል ይፈቀድልኝ» የምትል። ይህች ዓረፍተ ነገር ለዳኛው ምንም አትነግረውም። ዳኛው በዚህ ደረጃ የሚመዝነው ተከሳሹ ይረታል ወይስ አይረታም የሚለውን ሳይሆን፣ ሊሰማ የሚገባው እውነተኛ ክርክር አለው ወይስ ጊዜ ለመግዛት ብቻ ነው የቀረበው የሚለውን ነው። ጊዜ የሚገዛ ሰው ደግሞ ዘወትር በጥቅሉ ነው የሚክደው።

በምሳሌ እንየው። አንድ የደብረ ብርሃን ባለሱቅ ከአንድ የእህል ነጋዴ 180,000 ብር ተበድሯል እንበል። ከዚያ ውስጥ 110,000 ብር በባንክ መልሷል፤ የብድር ወረቀቱ ግን ከነጋዴው እጅ አልወጣም፤ ነጋዴውም ወረቀቱን ይዞ ለ180,000 ብሩ በሙሉ ከሷል። የዚህ ሰው ቃለ መሐላ እንደሚከተለው ቢጻፍ መልካም ነው፦

«ጥር 12 ቀን 2016 ዓ.ም. በተጻፈ የብድር ውል ከከሳሽ 180,000 ብር መበደሬን አልክድም። ከዚህ ውስጥ ሰኔ 3 ቀን 2016 ዓ.ም. 60,000 ብር፣ ጥቅምት 7 ቀን 2017 ዓ.ም. ደግሞ 50,000 ብር በከሳሽ የባንክ ሒሳብ ገቢ አድርጌያለሁ፤ የሁለቱም ደረሰኞች ከዚህ ጋር ተያይዘዋል። በመሆኑም መከላከያዬ የሚመለከተው ከተጠየቀው ገንዘብ ውስጥ 110,000 ብሩን ነው። ከላይ የተገለጸው በሙሉ በግሌ የማውቀውና እውነት መሆኑን በመሐላ አረጋግጣለሁ።»

ብዙ ተከሳሾች «አልክድም» የምትለዋን ቃል ይፈሯታል። ፍርሃታቸው መሠረት የለውም አልልም፤ ያመኑት 70,000 ብር ወዲያውኑ ሊፈረድባቸውና ለአፈጻጸም ሊቀርብ ይችላል፤ ክርክሩ የሚቀጥለው በቀሪው ላይ ብቻ ይሆናል። ሆኖም የፈረሙበትን ውል ጭምር የካደ ሰው ቃል በሙሉ ስለሚጠረጠር፣ የከፈለው 110,000 ብርም አብሮ ይጠፋበታል። በዚያ ላይ በመሐላ ሐሰት መናገር በወንጀል የሚያስጠይቅ መሆኑ መዘንጋት የለበትም።

በዚህ ምሳሌ ከሳሽ የሚሰጠው መልስ ከወዲሁ ይታወቃል። «ገንዘቡ ገብቶልኛል፤ ነገር ግን የጤፍ ዋጋ ነው እንጂ የብድሩ አይደለም» ይላል። ሁለት የሚነጋገዱ ሰዎች ሲካሰሱ ይህ መልስ በየጊዜው ይሰማል። ስለዚህ ደረሰኙን ሲያያይዙ የክፍያው ምክንያት የተጻፈበትን ቦታ ያንብቡ፤ «የብድር ክፍያ» የሚል ካለ በቃለ መሐላው ውስጥ ቃሉን እንዳለ ይጥቀሱት። ምክንያቱ ባዶ ከሆነ፣ በዚያ ሰሞን የተላላኩትን የስልክ መልእክት፣ በቴሌብር ከተላከም የማረጋገጫ መልእክቱን፣ በዚያን ጊዜ በመካከላችሁ የእህል ሽያጭ አለመኖሩን የሚያሳይ ነገር ካለም ያንኑ ያያይዙ። ከስልክ ላይ የተነሣ ፎቶ ብቻውን ስለሚያከራክር፣ ባንኩ ማኅተም ያደረገበት የሒሳብ መግለጫ ቢወጣ ይሻላል።

ክፍያው በጥሬ ገንዘብ የተፈጸመ ከሆነ ግን ነገሩ ይከብዳል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2472 ከ500 ብር የበለጠ ብድር በጽሑፍ፣ ወይም በፍርድ ቤት በተደረገ የእምነት ቃል ወይም መሐላ ካልሆነ በቀር ማስረዳት እንደማይቻል ይደነግጋል፤ ይኸው ደንብ የብድሩን መመለስ ለማስረዳትም ይሠራል። 500 ብር ሕጉ በ1952 ዓ.ም. ሲወጣ ብዙ ገንዘብ ነበር፤ ዛሬ ለገበያ ዘንቢል እንኳ አይበቃም፤ ልኩ ግን አልተለወጠም። በመሆኑም «ሦስት ሽማግሌዎች ባሉበት ቆጥሬ ሰጥቼዋለሁ» የሚለው ክርክር ሽማግሌዎቹ የታመኑ ሰዎች ቢሆኑም እንኳ በምስክር አይረጋገጥም። በዚህ ሁኔታ ላይ ያለ ተከሳሽ የቀረው መንገድ ከሳሽ ገንዘቡን መቀበል አለመቀበሉን በፍርድ ቤት በመሐላ እንዲናገር መጠየቅ ነው፤ ይህንንም በቃለ መሐላው ውስጥ ቀኑን፣ ቦታውንና መጠኑን ዘርዝሮ ማቅረብ አለበት። በመንዝና በተጉለት መሐላ ቀላል ነገር አይደለም፤ በወረቀት ላይ የደፈረ ሰው በችሎት ፊት ሲጠየቅ የሚያመነታበት ጊዜ አለ።

ሌላው በገጠር ወረዳዎች ተደጋግሞ የሚታየው የጣት አሻራ ነው። ማንበብና መጻፍ የማይችል ገበሬ በገበያ ቀን በገበያው ጠርዝ ላይ ተቀምጦ አውራ ጣቱን በሰማያዊ ቀለም ነክሮ የሚያትምበት ወረቀት፣ በአንድ የመንደር ጸሐፊ ተጽፎ፣ ሦስት ምስክሮች ስማቸውን አስፍረውበት ይታያል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1728 ማንበብ የማይችል ወይም ዓይነ ስውር የሆነ ሰው ያደረገው ምልክት በውል አዋዋይ፣ በመዝጋቢ፣ ወይም በሥራው ላይ ባለ ዳኛ ፊት ካልተረጋገጠ በቀር አያስገድደውም ይላል። ወረቀቱ ውልና ማስረጃ ደርሶ ያልተረጋገጠ ከሆነ ይህ ጠንካራ መከላከያ ነው። ይሁንና ሁለት ነገር ይታወቅ። አንደኛ፣ ተከሳሹ ማንበብ አለመቻሉን በቃለ መሐላው ውስጥ በግልጽ ማስፈር አለበት፤ ዳኛው ከአሻራው ብቻ እንዲገምት አይጠበቅም። ሁለተኛ፣ መከላከያው የሚያፈርሰው ወረቀቱን እንጂ ዕዳውን አይደለም፤ ፍርድ ቤቱ ተከሳሹን አስቀርቦ በመሐላ መጠየቅ ስለሚችል፣ «ገንዘቡን ወስደሃል?» ሲባል «አዎን» ካለ የእምነት ቃሉ ያስፈርድበታል። ስለዚህ በእርግጥ ገንዘቡን ያልወሰደ፣ ወይም ከወሰደው በላይ የተጻፈበት ሰው የሚጠቀምበት መከላከያ ነው።

ከወሰዱት በላይ መጻፍ ማለትም አራጣው ከዋናው ገንዘብ ጋር ተደምሮ ሲጻፍ ነው። 50,000 ብር የሰጠ ሰው ወረቀቱ ላይ 75,000 ብር ያስጽፋል። በግለሰቦች መካከል በሚደረግ ብድር ወለድ በዓመት ከመቶ 12 እንዳይበልጥ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2479 ይወስናል፤ አራጣም በወንጀል ሕጉ ያስቀጣል። ችግሩ የተፈረመ ጽሑፍ በፈራሚዎቹ መካከል ሙሉ እምነት የሚጣልበት ማስረጃ መሆኑና በምስክር ለማስተባበል በሩ የጠበበ መሆኑ ነው። የተሰጠው ገንዘብ በባንክ የተላለፈ ከሆነ ግን የዝውውሩ ልክ ራሱ ይናገራል፤ ወረቀቱ 75,000 ብር ሲል ወደ ሒሳብዎ የገባው 50,000 ብር መሆኑን የሚያሳየውን መግለጫ ሳይዙ ይህን መከላከያ አያንሡ።

ለዋስ የተለየ ምክር አለኝ። በዕቁብም ሆነ በብድር ለወዳጅ ዋስ ሆኖ የፈረመ ሰው ሲከሰስ «እኔ እኮ ገንዘቡን አልበላሁም» በማለት ይጀምራል፤ ይህ መከላከያ አይደለም። ይልቁንም የዋስትናውን ወረቀት አውጥቶ ዋስ የሆነበት የመጨረሻ የገንዘብ ልክ በግልጽ መጻፉን ይመልከት፤ ልኩ ያልተወሰነበት ዋስትና በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1922 መሠረት ዋጋ የለውም። ቀጥሎም ከዋናው ባለዕዳ ጋር በአንድነትና በነጠላ ኃላፊ ለመሆን፣ ማለትም ባለገንዘቡ ሙሉውን ዕዳ ከሁለቱ ከፈለገው እንዲጠይቅ፣ ፈርሞ እንደሆነ ያረጋግጥ፤ ካልፈረመ አስቀድሞ የዋናው ባለዕዳ ንብረት እንዲፈለግ መጠየቅ ይችላል።

ይርጋም አይረሳ። ሌላ የተለየ ጊዜ ካልተደነገገ በቀር ከውል የመነጨ ጥያቄ በ10 ዓመት ይታገዳል፤ ይሁን እንጂ ተከራካሪው ራሱ ካላነሣው ዳኛው በራሱ አያነሣለትም። ፊርማው የእኔ አይደለም የሚል ደግሞ ፊርማው በፖሊስ የፎረንሲክ ምርመራ እንዲታይለት በዚያው ቃለ መሐላ ይጠይቅ። በቼክ የተከሰሰ ሰው «ለመያዣ የሰጠሁት ነው» በሚለው ክርክር ላይ ብዙ ተስፋ ባይጥል ይመረጣል፤ ቼክ እንደቀረበ የሚከፈል ሰነድ ነውና።

ወረቀቶቹ ሲያልቁ ቃለ መሐላው ላይ በሬጅስትራሩ ፊት ይማሉበት፤ ለመዝገቡና ለከሳሽ የሚሆነውን ያህል ኮፒ ያዘጋጁ፤ ለእርስዎ የሚቀረው ኮፒ ላይም መዝገብ ቤቱ የገባበትን ቀንና ማኅተም እንዲያደርግበት ይጠይቁ። ጠበቃ ለማቆም አቅም የሌለው ሰው የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ዩኒቨርሲቲዎች ከሚሰጡት ነጻ የሕግ ድጋፍ መጠቀም ይችላል፤ ሲሄድም መጥሪያውንና የክሱን አባሪዎች በሙሉ ይዞ ይሂድ፤ ነገሩን በቃል ብቻ ሰምቶ ቃለ መሐላ የሚጽፍለት ባለሙያ አያገኝም።

ማመልከቻው ሲሰማ ፍርድ ቤቱ ከሦስት አንዱን ሊያደርግ ይችላል። ፈቃዱን ያለ ምንም ግዴታ ሊሰጥ፣ ወይም ገንዘቡን በሞዴል 85 (በአደራ ገንዘብ መቀበያ ደረሰኝ) እንዲያስይዙ ወይም ዋስ እንዲያቀርቡ አዝዞ ሊሰጥ፣ ወይም ሊከለክል ይችላል። ሁለተኛው ሲሆን ሰው ይደነግጣል፤ ስለዚህ ከቀጠሮው በፊት ዋስ ሊሆን የሚችል ዘመድ ወይም የሚያሲዙት ንብረት አስበው ይምጡ፤ የታዘዘው ግዴታ በተወሰነው ቀን ካልተፈጸመ ፈቃዱ ከንቱ ይሆናል። ፈቃድ ማግኘት ደግሞ መርታት አይደለም፤ ከዚያ በኋላ ክሱ እንደ ማንኛውም የፍትሐ ብሔር ክርክር መከላከያ መልስ ቀርቦበት፣ ጭብጥ ተይዞና ማስረጃ ተሰምቶ ይቀጥላል።

ቀኑ አልፎ ከተፈረደብዎትም ጉዳዩ ገና አላበቃለትም። መጥሪያው በአግባቡ ያልደረሰዎት ከሆነ፣ ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ካለ፣ ቁጥር 292 የፈረደው ፍርድ ቤት ራሱ ፍርዱን አንሥቶ የመከላከል ፈቃድ እንዲሰጥ ይፈቅድለታል። በሆስፒታል ተኝተው ከነበረ የሕክምና ማስረጃውን፣ መንገድ ተዘግቶ ከነበረ ከቀበሌው የተሰጠውን ደብዳቤ ያያይዙ፤ ነገር ግን ምክንያቱ ብቻውን አይበቃም፤ ቢፈቀድልዎት ኖሮ የሚያቀርቡትን መከላከያም በዚያው ቃለ መሐላ ያሳዩ፤ መከላከያ ለሌለው ሰው መዝገብ አይከፈትምና። ይህን አቤቱታ አፈጻጸሙ እስኪጀመር መጠበቅ ስሕተት ነው፤ ፍርዱን በሰሙ ማግስት ይግባ።

ፈቃድ ጠይቀው ተከልክለው የተፈረደብዎት ከሆነ ግን መንገዱ ይግባኝ ነው። ይግባኙ ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ በ60 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት፤ ወረዳው ፍርድ ቤት የፈረደውን የሚያየው ደብረ ብርሃን የሚገኘው የዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። የፍርዱ ግልባጭ እንዲሰጥዎ በዚያው ሳምንት ያመልክቱ። ይግባኝ መጠየቁ ብቻውን አፈጻጸሙን አያስቆምም፤ ስለዚህ ከይግባኙ ማመልከቻ ጋር የእግድ አቤቱታ አብሮ ይግባ፤ አለዚያ ይግባኙ ተቀጥሮ ሳለ ሱቁ ሊታሸግ፣ ላሚቱም ለሐራጅ ልትቀርብ ትችላለች።